ቅጠልና ግንድ የሚገናኙበት ዘንግ

የቡና ቅርንጫፍ ተቆርጦ ሲታይ ዓይን የሚያርፈው ሰፊና አብረቅራቂ በሆነው ቅጠል ላይ ነው። ቅጠሉን ከቅርንጫፉ ጋር የሚያገናኘው፣ አንድ ሳንቲ ሜትር ያህል የሚረዝመው ቀጭን እጀታ ብዙ ተመልካች የለውም። ይህ እጀታ የቅጠል ዘንግ ነው፤ የሥነ ዕፀዋት ሰዎች ፔቲዮል ይሉታል። በመማሪያ መጻሕፍት «ቅጠልን ከግንድ የሚያያይዝ ክፍል» ተብሎ በአንድ መስመር ይታለፋል። አባባሉ ስሕተት የለበትም፤ ግን ጎዶሎ ነው። ሥራው ማያያዝ ብቻ ቢሆን ሙጫም በበቃ ነበር። ዘንጉ ቅጠሉን ይሸከማል፤ ውኃ ያሻግርለታል፤ ቅጠሉ የሠራውን ስኳር ተቀብሎ ወደ ግንድ ያወርዳል፤ የቅጠሉን ፊት ወደ ብርሃን ያዞራል፤ ነፋስ ሲበረታ አብሮ ይጎነበሳል፤ በመጨረሻም ቅጠሉን ራሱ ይለቀዋል። ገና ከመብቀሉ የሚለያይበትን ቦታ በውስጡ ይዞ የሚያድግ ማያያዣ ነው።

ቅጠል በግንድ ላይ እንዳገኘ አይበቅልም። የሚወጣባቸው ቦታዎች አንጓ ይባላሉ፤ በሸንኮራ አገዳና በቀርከሃ ላይ በግልጽ የሚታዩት ቀለበት መሰል ጉብታዎች አንጓዎች ናቸው። በቡና ላይ ከእያንዳንዱ አንጓ ሁለት ቅጠሎች ፊት ለፊት ይወጣሉ፤ በጌሾ ላይ ግን አንድ አንድ እየሆኑ በየተራ ይመጣሉ። ዘንጉ ከግንዱ ጋር በሚሠራው ማዕዘን ውስጥ አንዲት ትንሽ እምቡጥ ተሸጉጣ ትገኛለች። የጥንቶቹ የሥነ ዕፀዋት ሊቃውንት ይህን ማዕዘን በላቲን «ብብት» ብለውታል፤ በአማርኛም ከዚህ የተሻለ ስም አይገኝለትም፤ ክንድ ከጎን ጋር የሚገጥምበትን ቦታ ይመስላልና። ከዚህች የብብት እምቡጥ አዲስ ቅርንጫፍ ወይም አበባ ይወጣል። የቡና ፍሬ በየአንጓው ተሰባስቦ ግንዱን ከብቦ የሚታየውም አበባው ከቅጠሎቹ ብብት ስለሚፈነዳ ነው።

እምቡጧ አንድ የቆየ ግራ መጋባትንም ትፈታለች። የጽጌረዳን ወይም የኮሶን ቅጠል የሚመለከት ሰው በአንድ ቀጭን እንጨት ላይ ብዙ ቅጠል የተደረደረ ይመስለዋል። የተደረደሩት ግን የአንድ ጥምር ቅጠል ክፋዮች፣ ንዑስ ቅጠሎች ናቸው። መለያው ቀላል ነው፤ በየንዑስ ቅጠሉ ሥር እምቡጥ ይፈለጋል፤ አይገኝም። ሁሉንም የተሸከመው ዘንግ ከግንዱ በሚገጥምበት ብብት ውስጥ ግን ይገኛል። እንግዲህ የዛፍ ቅርንጫፍ የሚመስለው ያ ሁሉ ነገር አንድ ቅጠል ነው ማለት ነው።

ዘንጉ ከግንዱ የሚነሳበት ቦታ አንዳንዴ የራሱ ጠባቂዎች አሉት። በቡና ላይ በሁለቱ ትይዩ ዘንጎች መካከል ሦስት ማዕዘን የሆነች ትንሽ ቅጠል ትቆማለች። በሾላና በዋርካ ላይ እንዲህ ያለችው ጠባቂ የጫፉን እምቡጥ እንደ ቆብ ትሸፍነዋለች፤ አዲሱ ቅጠል ሲፈታ ወድቃ በቅርንጫፉ ዙሪያ ቀለበት የመሰለ ጠባሳ ትተዋለች። በኮሶ ላይ ደግሞ ጠባቂዎቹ ከዘንጉ ጋር ተዋሕደው ግራና ቀኝ ክንፍ ሆነውለታል።

ከውጭ አንድ ወጥ የሚመስለው ዘንግ ውስጡ ሲታይ ሁለት ዓይነት ቧንቧዎችን የያዘ መተላለፊያ ነው። ዛይለም የሚባሉት ከሥር የመጣውን ውኃና ማዕድን ወደ ቅጠሉ ያሳልፋሉ፤ ፍሎየም የሚባሉት ቅጠሉ በፀሐይ ብርሃን የሠራውን ስኳር ወደ ግንድ፣ ወደ ፍሬና ወደ ሥር ይወስዳሉ። በግንዱ ውስጥ ዛይለሙ ወደ መሐል፣ ፍሎየሙ ወደ ቅርፊቱ ይቀመጣል። የቧንቧዎቹ ጥቅል ከግንዱ ተገንጥሎ ወደ ዘንጉ ሲታጠፍ ወደ መሐል ይመለከት የነበረው ጎን ወደ ላይ ይዞራል፤ ወደ ውጭ ይመለከት የነበረው ወደ ታች ይሆናል። ስለዚህ በአብዛኛው ዕፅዋት ዘንግ ውስጥ የውኃው ቧንቧ ከላይ፣ የስኳሩ ቧንቧ ከታች ይገኛል። ይኸው አቀማመጥ በቅጠሉ ጅማቶች ውስጥም ይቀጥላል፤ የጎመን ክሽክሽ በቅጠሉ ሆድ በኩል ተለጥፎ ሲመጥ ከስኳሩ ቧንቧ ብዙም ሳይርቅ ነው።

የዘንጉን ውስጣዊ አሠራር ለማየት ማይክሮስኮፕ የግድ አይደለም፤ ወጥ ቤት ይበቃል። የቆስጣ ወፍራም ነጭ እጀታ የቅጠል ዘንግ ነው። ሴለሪ ተብሎ በገበያ የሚሸጠውም እንዲሁ፤ የሚበላው ግንዱ ሳይሆን የቅጠሎቹ ዘንጎች ናቸው። ሴለሪ ሲሰበር የሚንጠለጠሉትና ከጥርስ መካከል የሚቀሩት ክሮች ቧንቧዎቹና አጠገባቸው የተሰለፉት ኮለንካይማ የሚባሉ ድጋፍ ሰጪ ሕዋሳት ናቸው። ኮለንካይማ ግድግዳው የወፈረ ግን ያልደረቀ፣ እየተለጠጠ ማደግ የሚችል ሕዋስ ነው። ዘንግ የሚያስፈልገውም እንዲህ ያለ ድጋፍ ነው፤ እንጨት ከሆነ መታጠፍ አይችልም፤ ለስላሳ ሥጋ ብቻ ከሆነ ደግሞ ቅጠሉን መሸከም አይችልም። ሴለሪ በቀለም በተበጠበጠ ውኃ ውስጥ ቆሞ ቢያድር በማግሥቱ የውኃው ቧንቧዎች ቀለሙን ጠጥተው ነጠብጣብ ሆነው ይታያሉ። ለተማሪ ከሥዕል ይልቅ ይህ ይሻላል።

የሸክሙ ጉዳይ ቀላል አይደለም። ቅጠል ወደ ጎን ተዘርግቶ በአንድ ጫፉ ብቻ የተያዘ ጠፍጣፋ ነገር ነው፤ ከግድግዳ እንደወጣ ተራዳ ማለት ነው። ሸክሙ ሁሉ የሚከብደው ከግንዱ አጠገብ ስለሆነ ብዙ ዘንጎች ከሥራቸው ወፍረው ወደ ቅጠሉ ሲሄዱ እየቀጠኑ ይመጣሉ። የሙዝ ቅጠል ይህን በጉልህ ያሳያል። ዘንጉ ሲቆረጥ እንደ አሸንዳ የተጎደጎደ ነው። አሸንዳ መሰል ቅርጽ ከላይ ወደ ታች የሚጫነውን ክብደት በደንብ ይቋቋማል፤ ሊጠመዘዝ ግን ቀላል ነው። ይህ ድክመት ይመስላል፤ እውነቱ ግን ተቃራኒው ነው። ነፋስ ከጎን ሲመታው ግዙፉ ቅጠል በዘንጉ ላይ ተጠማዝዞ ወደ ነፋሱ መሄጃ ይዞራልና ግፊቱ ይቀልለታል። ዝርጉም፣ ማለትም የቅጠሉ ጠፍጣፋ ክፍል፣ በጅማቶቹ መካከል ተሰንጥቆ ነፋሱን ያሳልፋል። የተሰነጣጠቀ የሙዝ ቅጠል የታመመ ሳይሆን ነፋስን የተቀበለ ቅጠል ነው።

አሜሪካዊው የሥነ ሕይወት ተመራማሪ ስቲቨን ቮግል የተለያዩ ዛፎችን ቅጠሎች በነፋስ መሞከሪያ ዋሻ ውስጥ አስገብቶ የደረሰበትን በ1989 እ.ኤ.አ. አሳትሟል። ነፋሱ ሲበረታ ረጅም ዘንግ ያላቸው ሰፋፊ ቅጠሎች እንደ ባንዲራ ከመንፈራገጥ ይልቅ ተጠቅልለው ሾጣጣ ቅርጽ ይይዛሉ፤ በዚያም ነፋሱ የሚጎትታቸው ኃይል ይቀንሳል። በሰሜኑ የዓለም ክፍል የሚበቅሉት የሚንቀጠቀጡ ፖፕላር ዛፎች ደግሞ ዘንጋቸው ከጎን ወደ ጎን የተጨፈለቀ ስለሆነ ትንሽ ሽው ባለ ቁጥር ቅጠሎቻቸው ይርገበገባሉ። ዛፉ ሁሌ እንደሚንሾካሾክ ተደርጎ የሚወራው በዚህ የዘንግ ቅርጽ ምክንያት ነው።

ከሸክሙ ቀጥሎ የሚመጣው የብርሃን ጉዳይ ነው። ቅጠል በቅጠል ላይ ከተጋረደ የታችኛው ይራባል። ጉሎና ፓፓያ ላይ ከላይ ወደ ታች ሲታይ የጫፉ ቅጠሎች አጭር ዘንግ፣ የታችኞቹ ደግሞ ረጅም ዘንግ አላቸው፤ የታችኛው ቅጠል በዘንጉ እየተገፋ ከላይኛው ጥላ ይወጣል። የፓፓያ ዘንግ እስከ አንድ ሜትር ሊደርስ ይችላል፤ ውስጡ ክፍት ስለሆነ ለርዝመቱ ቀላል ነው፤ እንደ ቱቦም ይነፋበታል። ብዙ ዕፅዋት ጎረቤት ሲጋርዳቸው ጥላውን ለይተው ያውቃሉ። በቅጠል ውስጥ ያለፈ ብርሃን ቀዩ ተመጥጦ የሚቀር ስለሆነ ፋይቶክሮም የሚባል ብርሃን ለይ ንጥረ ነገር ልዩነቱን ይመዘግባል፤ ዘንጎቹም ይረዝማሉ፣ ቅጠሎቹንም ወደ ላይ ያነሳሉ። ጉሎ ሌላም የሚለይበት ነገር አለው፤ ዘንጉ ከቅጠሉ ጠርዝ ሳይሆን ከሆዱ ላይ ነው የሚገጥመው፤ ቅጠሉ በጃንጥላ ዘንግ ላይ የተዘረጋ ይመስላል። በዘንጉ ላይ ያሉት ጥቃቅን ጉብታዎች ጣፋጭ ፈሳሽ ያመነጫሉ፤ ጉንዳኖችም ለእሱ ሲሉ ይመላለሱበታል።

ማደግ ብቻ ሳይሆን መንቀሳቀስ የሚችል ዘንግም አለ። የቦሎቄ ቅጠል ቀን ተዘርግቶ ሌሊት ቁልቁል ያጎነብሳል፤ ሰስፓኒያና ብዙ የግራር ዓይነቶችም ንዑስ ቅጠሎቻቸውን ሲመሽ ያጥፋሉ። ይህን የሚያደርገው በዘንጉ ሥር ወይም በዘንጉና በዝርጉ መገጣጠሚያ ላይ ያለ እብጠት ነው፤ ስሙ ፑልቪነስ ይባላል። በእብጠቱ በአንድ ወገን ያሉ ሕዋሳት የፖታሲየም ጨው ሲያስወጡ ውኃም ተከትሎ ይወጣል፤ ያ ወገን ይሟሽሻል፤ ቅጠሉም ወደዚያ ይዘማል። ጨውና ውኃ ሲመለሱ ይቃናል። ጡንቻም ነርቭም የሌለው መገጣጠሚያ በውኃ ግፊት ብቻ ይሠራል። ሲነኩት ወዲያው የሚሸማቀቀው ሚሞሳም የሚጠቀመው ይህንኑ ነው፤ ልዩነቱ በፍጥነት ነው። ፈረንሳዊው የሥነ ፈለክ ሊቅ ዣን ዣክ ዶርቱስ ደ ሜራን በ1729 እ.ኤ.አ. እንዲህ ያለ ተክል ጨለማ ውስጥ አስቀምጦ ተከታትሎ ፀሐይ ሳያይም ቅጠሎቹን በሰዓታቸው መክፈቱንና መዝጋቱን እንደቀጠለ ተመልክቷል። ሕያዋን በውስጣቸው ሰዓት አላቸው የሚለው ሐሳብ ታሪክ ከዚህ ምልከታ ይጀምራል።

በዳግማዊ ምኒልክ ዘመን ወደ ኢትዮጵያ የገባው ነጭ ባሕር ዛፍ በአንድ ዛፍ ላይ ሁለት ዓይነት መያያዝ ያሳያል፤ ለዚህ ትምህርት ከእሱ የተሻለ ዛፍ ማግኘት ያስቸግራል። ችግኝ ሳለ ቅጠሎቹ ዘንግ የላቸውም። ሰፊና ሰማያዊ አመድማ ናቸው፤ ሰም መሰል ልባስ አላቸው፤ ጥንድ ጥንድ ሆነው ፊት ለፊት ይበቅላሉ፤ ሥራቸው አራት ማዕዘን የሆነውን ለጋ ግንድ በቀጥታ ያቅፋል። ዛፉ ሲያድግ የሚያወጣቸው ቅጠሎች ግን የሌላ ዛፍ ይመስላሉ። ጠባብ፣ ረጅም፣ እንደ ማጭድ የጎበጡና አረንጓዴ ናቸው፤ በየተራ አንድ አንድ እየሆኑ ይወጣሉ፤ ጥቂት ሳንቲ ሜትር በሚረዝም ዘንግም ቁልቁል ይንጠለጠላሉ። የችግኙ ቅጠል ገጹን ለሰማይ ሰጥቶ ይተኛል፤ የትልቁ ቅጠል በዘንጉ ተንጠልጥሎ ለቀትር ፀሐይ ጠርዙን ይሰጣል። ፀሐይ በጠነከረበት ሰዓት የሚያርፍበት ሙቀት ያንሳል፤ ጠዋትና ማታ ደግሞ በሁለቱም ገጽ ብርሃን ይቀበላል። ከባሕር ዛፍ ሥር የተቀመጠ ሰው ጥላው ሳሳ ብሎ የሚያገኘውም ስለዚህ ነው።

ዛፉ ተቆርጦ ከጉቶው ሲያቆጠቁጥ አዲሱ ቀንበጥ ወደ ልጅነቱ ይመለሳል፤ እንደገና ዘንግ የሌላቸው፣ ግንዱን ያቀፉ አመድማ ቅጠሎች ያወጣል። በኢትዮጵያ ደጋማ ቦታዎች ባሕር ዛፍ በየጊዜው እየተቆረጠ ስለሚያቆጠቁጥ ሁለቱን ቅጠሎች አንዱን ከጉቶ፣ ሌላውን ካልተቆረጠው ጎረቤት ዛፍ ቀጥፎ ጎን ለጎን ማየት ይቻላል። ከአንድ ዘር መምጣታቸውን ማመን የሚከብደው ብዙ ነው።

ከባሕር ዛፍ ጋር ከአንድ አህጉር፣ ከአውስትራሊያ፣ የመጡት አካሺያዎች ይህንኑ የፀሐይ ጉዳይ በሌላ መንገድ ፈትተውታል። በአዊ አካባቢ ለከሰል በሰፊው የሚተከለው ዲከረንስ እንደ አገር ግራር ቅጠሉ በብዙ ንዑስ ቅጠል የተከፋፈለ ነው። የቅርብ ዘመዱ አካሺያ ሳሊግና ግን ረጅምና ያልተከፋፈለ ቅጠል ያለው ይመስላል። ይመስላል እንጂ የለውም። ቅጠል የሚመስለው የተጨፈለቀና የሰፋ የቅጠል ዘንግ ነው፤ ዝርጉ ጠፍቶ ሥራውን ዘንጉ ወርሶታል። በአንዳንድ የእነዚህ ዛፎች ችግኝ ላይ ሽግግሩ በዓይን ይታያል፤ መጀመሪያ የተከፋፈለ ቅጠል፣ ቀጥሎ ጫፉ ላይ ጥቂት ንዑስ ቅጠል የቀረው ሰፊ ዘንግ፣ በመጨረሻም ዘንግ ብቻ።

ዘንግ ጨርሶ የሌላቸው ዕፅዋት ቁጥራቸው ጥቂት አይደለም፤ የኢትዮጵያን ማዕድ የሚሞሉት አብዛኞቹ ሰብሎች እንዲያውም ከእነዚህ ወገን ናቸው። ጤፍ፣ ስንዴ፣ ገብስ፣ በቆሎና ማሽላ የሣር ወገን ናቸውና ቅጠላቸው ከአገዳው የሚገናኘው በዘንግ ሳይሆን በሰገባ ነው። የቅጠሉ ታችኛ ክፍል አገዳውን ጎራዴ እንደሚገባበት ሰገባ ዙሪያውን ይጠቀልለዋል፤ ላይኛው ክፍል ብቻ ወደ ጎን ተገንጥሎ ይዘረጋል። ጥንቅሽ የሚያኝክ ልጅ መጀመሪያ ገፎ የሚጥለው ይህን ሰገባ ነው። ሰገባውና ዝርጉ በሚለያዩበት ቦታ ትንሽ ምላስ መሰል ነገር ትገኛለች፤ በበቆሎ ላይ ስስ ሽፋን ናት፤ በጤፍ ላይ የአጫጭር ፀጉር መስመር ብቻ ናት። ሣርን ከሣር ለመለየት ባለሙያ መጀመሪያ የሚያየው እዚህ ላይ ነው።

ሰገባው ለጌጥ የተሠራ አይደለም። የሣር አገዳ ከጫፉ ብቻ ሳይሆን ከእያንዳንዱ አንጓ በላይ ባለ ለስላሳ ቦታ ላይም ያድጋል፤ ያ ቦታ በሰገባው ባይታሰር በራሱ ክብደት በታጠፈ ነበር። ስንዴ በነፋስ ሲጋደም ደግሞ በሰገባው ሥር ያለው እብጠት በታችኛው ወገን ረዝሞ አገዳውን ከአንጓው ላይ ወደ ላይ ያጎብጠዋል። የተጋደመ ማሳ ከቀናት በኋላ ጫፉን ቀና ሲያደርግ የሚታየው ከዚህ የተነሳ ነው።

ሰገባን እስከ ዳር ያደረሰው እንሰት ነው። ከመሬት ብዙ ሜትር የሚቆመውና በሁሉም ሰው ግንድ የሚባለው ነገር ግንድ አይደለም፤ ተደራርበው አንዱ በሌላው ላይ የተጠቀለሉ የቅጠል ሰገባዎች ክምር ነው። እውነተኛው ግንድ ከሥሩ፣ በአብዛኛው ከአፈር ውስጥ ያለው ድንቡሽቡሽ አካል ነው፤ ተቀቅሎ ሲበላ አሚቾ ይባላል። ይህ ግንድ ወደ ላይ የሚመዘዘው ተክሉ በዕድሜው አንድ ጊዜ ብቻ ሲያብብ ነው፤ የአበባው ዘንግ በሰገባዎቹ መሐል አልፎ ይወጣል፤ ፍሬው ከደረሰ በኋላም ተክሉ ይሞታል። ስለዚህ እንሰት የሚቆረጠው አብዛኛውን ጊዜ አበባው ከመውጣቱ በፊት ወይም እንደታየ ነው፤ ወደ ዘር የሚሄደው ስታርች ገና ከሰገባውና ከግንዱ ውስጥ ሳለ።

ለቆጮ የሚፋቀው ሰገባው ነው። ሴቶች ሰገባውን አንድ በአንድ ገንጥለው፣ ተደግፎ በቆመ ሳንቃ ላይ አስደግፈው በቀርከሃ መፋቂያ ይፍቁታል፤ ሥጋው ከተፈጨው ግንድ ጋር ተቀላቅሎ በጉድጓድ ውስጥ ይብላላል፤ የሚቀረው ክር ቃጫ ሆኖ ለገመድና ለጆንያ ይውላል። ቃጫው ምን እንደሆነ ከላይ ተነግሯል፤ በሴለሪ ውስጥ ከጥርስ የሚቀረው ዓይነት ክር፣ በግዙፍ መጠን። በደቡብና በደቡብ ምዕራብ ኢትዮጵያ 20 ሚሊዮን ያህል ሕዝብ በእንሰት ላይ ይመካል ይባላል፤ በሥነ ዕፀዋት ዓይን ሲታይ ዋናው ምግብ የቅጠል መያያዣ ነው። ሽንኩርትም ከዚህ ሩቅ አይደለም፤ በሽንኩርቱ ውስጥ አንዱ በሌላው ላይ የተደረበው ወፍራም ንብርብር የቅጠሎቹ ሥር ነው።

እምቦጭ ዘንግን መንሳፈፊያ ያደረገ ተክል ነው። ከአማዞን ተፋሰስ የመጣው ይህ አረም በጣና ሐይቅ ላይ መከሰቱ ከ2011 እ.ኤ.አ. ጀምሮ ይታወቃል። ዘንጉ መሐሉ ላይ አብጦ ኳስ ይመስላል፤ ሲሰነጠቅ ውስጡ እንደ ስፖንጅ በአየር ክፍሎች የተሞላ ነው። ተክሉ ለብቻው በክፍት ውኃ ላይ ሲሆን ዘንጎቹ አጫጭርና እጅግ ያበጡ ይሆናሉ፤ ተጨናንቆ ሲበቅል ግን መንሳፈፊያው አያስጨንቀውምና ዘንጎቹ ይቀጥናሉ፣ ለብርሃን እየተሻሙም ይረዝማሉ። ጥቅጥቅ ባለው ምንጣፍ ውስጥ ያለው እምቦጭና ከጠርዙ ተገንጥሎ የሚጓዘው እምቦጭ ሁለት ዓይነት የሚመስሉት ስለዚህ ነው።

አዞ ሐረግ ደግሞ ዘንጉን እጅ አድርጎታል። ይህ ተንጠላጣይ ተክል እንደ ወይን የተለየ መጨበጫ የለውም፤ የቅጠሉ ዘንግ አንድ ቀጭን እንጨት ሲነካ ይጠመዘዝና ይይዘዋል። ቻርልስ ዳርዊን በ1865 እ.ኤ.አ. ባወጣው የተንጠላጣይ ዕፅዋት ጥናት በቅጠላቸው ለሚወጡት ሰፊ ቦታ ሰጥቷል፤ የአዞ ሐረግን ዘመዶችም በዚያ መርምሯል። ዘንጉ አንዴ ከጨበጠ በኋላ ይወፍራል፣ ይጠነክራል፤ እንደ ሽቦም ይሆናል።

ከብርቱካን ወገን የሚገኘው ልዩነት ለዓይን ደስ ይላል። የግሬፕፍሩት ዘንግ ግራና ቀኝ ሰፊ ክንፍ አለው፤ የብርቱካን ጠባብ ክንፍ አለው፤ ትርንጎ ግን ክንፍ የለውም። በብርቱካን ላይ በዘንጉና በዝርጉ መካከል አንድ ቀጭን መስመር ይታያል፤ ይህ መገጣጠሚያ ነው። ቅጠሉ በዚህ መስመር ላይም ሊለያይ ይችላል፤ ዝርጉ ወድቆ ዘንጉ ብቻ ከቅርንጫፉ ላይ ለጊዜው ይቀራል። በትርንጎ ላይ ይህ መገጣጠሚያ የለም።

ከዚህ በኋላ የሚቀረው መለያየቱ ነው። በዘንጉ ሥር፣ ከግንዱ አጠገብ፣ ከጎረቤቶቻቸው አነስ ያሉ ጥቂት ረድፍ ሕዋሳት አሉ። ቅጠሉ ወጣት ሳለም እዚያው ናቸው፤ ምልክት እስኪመጣላቸው ግን ይጠብቃሉ። ጤነኛ ቅጠል ኦክሲን የሚባል ሆርሞን እያመነጨ ያለማቋረጥ በዘንጉ በኩል ወደ ግንድ ይልካል፤ ይህ ፍሰት እስካለ ድረስ የመለያያው ሕዋሳት ዝም ይላሉ። ቅጠሉ ሲያረጅ፣ ሲታመም ወይም ሲጠማ ፍሰቱ ይዳከማል፤ ኤትሊን የሚባለው ጋዝ ይበረታል፤ ሕዋሳቱም እርስ በርሳቸው ያጣበቃቸውን ግድግዳ የሚያሟሙ ኤንዛይሞች ያመነጫሉ። ይህን ለማረጋገጥ የሚደረገው ሙከራ የቆየና ቀላል ነው። የቅጠሉ ዝርግ ተቆርጦ ዘንጉ ብቻ ሲተው በቀናት ውስጥ ዘንጉ ይረግፋል፤ በተቆረጠው ጫፍ ላይ ኦክሲን ሲቀባ ግን ቅጠል እንዳለው ሆኖ ይቆያል።

ኤትሊን በዕፅዋት ላይ ያለው ኃይል መጀመሪያ የታወቀው ከከሰል ጋዝ ጋር በተያያዘ ነው። በ19ኛው መቶ ክፍለ ዘመን በአውሮፓ ከተሞች የመንገድ መብራት የሚያበራው ጋዝ ከቧንቧ ሲያፈተልክ በአጠገቡ ያሉ ዛፎች ያለ ወቅታቸው ቅጠላቸውን ያረግፉ ነበር። ሩሲያዊው ዲሚትሪ ኔልዩቦቭ በ1901 እ.ኤ.አ. በአተር ቡቃያ ላይ ባደረገው ሙከራ ከጋዙ ውስጥ ዕፅዋትን የሚለውጠው ኤትሊን መሆኑን አሳየ። ዕፅዋት ራሳቸው ይህንኑ ጋዝ እንደሚሠሩ የታወቀው ከዚያ በኋላ ነው።

ቅጠል ከመርገፉ በፊት ዛፉ የሚያወጣው ሀብት አለ። ከቅጠሉ ናይትሮጅንና ፎስፎረስ ግማሽ ያህሉ ተመልሶ በዘንጉ በኩል ወደ ግንድ ይገባል፤ አረንጓዴው ቀለም ሲፈርስ ብጫውና ብርቱካንማው ይታያል። የብሳና ያረጀ ቅጠል በአረንጓዴው ዛፍ ላይ እንደ እሳት ሲበራ የሚታየው ይህን ጊዜ ነው። የቡና ቅጠል በዝገት በሽታ ሲያዝ ግን ዛፉ ይህን ሁሉ ለመሰብሰብ ጊዜ አያገኝም፤ ቅጠሉ ያለ ዕድሜው ይረግፋል፤ ጉዳቱም ከበሽታው ነጠብጣብ ይልቅ ከቅጠሉ እጦት ይመጣል።

መርገፍ የሞት ሳይሆን የሕይወት ሥራ መሆኑን የሚያሳይ ነገር በየመንገዱ አለ። ከእንጦጦ ባሕር ዛፍ ቅጠል ተሸክመው የሚወርዱ ሴቶች ሸክማቸው ቢደርቅም ቅጠሉ ከጭራሮው አይለይም። የተቆረጠው ቅርንጫፍ ሕዋሳቱ ስለሞቱ የመለያያውን ኤንዛይም መሥራት አይችልም። በነፋስ ተገንጥሎ ዛፉ ላይ የተንጠለጠለ ቅርንጫፍም እንዲሁ ቡናማ ቅጠሉን ለወራት ይዞ ይቆያል፤ ጤነኛው ጎረቤቱ ግን በወቅቱ ያራግፋል። ቅጠሉን መጣል የሚችለው ሕይወት ያለው ብቻ ነው።

ቅጠሉ ሲወድቅ ቁስሉ ክፍት አይቀርም። በመለያያው በግንዱ ወገን የቀሩት ሕዋሳት ቡሽ መሰል ልባስ ሠርተው ያሽጉታል፤ ውኃ እንዳይወጣ፣ ሻጋታ እንዳይገባ። በጠባሳው ላይ የተቆረጡት የቧንቧ ጥቅሎች እንደ ነጠብጣብ ይታያሉ፤ ቁጥራቸውና አደራደራቸው በየዛፉ የተለያየ ስለሆነ ቅጠል በሌለበት ወቅት ዛፍ ለመለየት ያገለግላል። በፓፓያ ግንድ ላይ ከላይ እስከ ታች የሚታዩት ትላልቅ ጠባሳዎች እያንዳንዳቸው አንድ የወደቀ ቅጠል ናቸው። ከጠባሳው ውስጥ ሌላ ቅጠል አይበቅልም፤ በላዩ ካለችው የብብት እምቡጥ ግን የራሱ አንጓና የራሱ ዘንጎች ያሉት ሙሉ ቅርንጫፍ ሊወጣ ይችላል።